ግራጫው ሐይቅ

እናቴ ሳሎን ውስጥ አንድ የቆየ ፎቶ ተሰቅሏል። እናቴ አሥራ ስምንት ዓመቷ ነው። ከልብ ጓደኛዋ ጋር ነጭ በነጭ ለብሰው፣ እጅ ለእጅ ተያይዘው ቆመዋል። ደሴ ነው የተነሱት፣ ለጥምቀት። ከኋላቸው ሰፊ የድንጋይ ደረጃ ይታያል። ከደረጃው ወዲያ ሐይቅ አለ፤ ከሐይቁ ማዶ ደግሞ አናቱን ጉም የሸፈነው ተራራ። ልጅ ሆኜ ያንን ፎቶ አይቼ አልጠግበውም ነበር። ደረጃውን ወጥቼ በዚያ በኩል ብወርድ ሐይቁ ጋ የምደርስ ይመስለኝ ነበር። አንድ ቀን «እማ፣ ይሄ የማን ቤት ነው?» ብዬ ጠየቅኳት።

«ቤት አይደለም እኮ፣ ጨርቅ ነው። ጋሼ የሳሉት ነው» አለችኝ።

ማዘን ነበረብኝ መሰለኝ፣ ግን አላዘንኩም። ሰው ጨርቅ ላይ ሐይቅ መሥራት ይችላል ማለት ነው? ከዚያን ቀን ጀምሮ ፎቶ ሳይ መጀመሪያ የማየው ሰዎቹን ሳይሆን ከኋላቸው ያለውን ነገር ሆነ። ዛሬም እንደዛው ነኝ።

ጋሼ የእናቴ ታላቅ ወንድም ናቸው። በጉብዝናቸው ጊዜ ደሴ ውስጥ ለፎቶ ቤቶች ባክግራውንድ ይስሉ ነበር። ታፔላም ይጽፋሉ፣ ቡና ቤት ግድግዳ ላይ አንበሳም ይስላሉ፤ እሳቸው ግን «ሥራዬ» የሚሉት ባክግራውንዱን ነው። አንድ ጥር ላይ እነሱ ቤት ስሰነብት ሲሠሩ አየኋቸው። ስድስት ወይ ሰባት ዓመት ቢሆነኝ ነው። አቡጀዲውን ግቢው መሬት ላይ ዘርግተው አራት ጎኑን በሚስማር ወጥረውታል። ጨርቁ ከሦስት ቁራጭ የተሰፋ ነው፤ ስፌቱ እንዳይታይ ሁልጊዜ ተራራው ጫፍ ላይ ወይም ውሃው ዳር ላይ እንዲውል አድርገው ነበር የሚያሰሉት። ኮላውን ከሰል ላይ በቆርቆሮ ያሞቁታል። ሽታው ግቢውን ይሞላዋል። መጀመሪያ ኖራና ኮላውን ቀላቅለው ጨርቁን ይለቀልቁታል፤ ሲደርቅ እንደ ከበሮ ይወጠራል። ከዚያ ጫማቸውን ያወልቃሉ።

ቆመው ነው የሚስሉት፤ ብሩሹን ረጅም የባሕር ዛፍ ዘንግ ጫፍ ላይ አስረው፣ በባዶ እግራቸው ጨርቁ ላይ እየተራመዱ። ትንሽ ከሳሉ በኋላ በመሰላል ቆርቆሮው ጣራ ላይ ይወጣሉ። ቁልቁል ያያሉ። ምንም ሳይናገሩ ይወርዳሉ፣ አንዲት መስመር ይጨምራሉ፣ እንደገና ይወጣሉ። ቀኑን ሙሉ እንዲህ ሲሉ ይውላሉ።

ሐይቁ ግን ግራጫ ነበር። ደረጃውም ግራጫ፣ ሰማዩም ግራጫ፣ አበቦቹ እንኳ ሳይቀሩ ግራጫ። «ጋሼ፣ ሐይቁን ለምን ሰማያዊ አላደረጉትም?» አልኳቸው።

«ካሜራው ቀለም አያውቅማ፣ ልጄ። ብርሃንና ጥላ ብቻ ነው የሚያውቀው። በሚገባው ቋንቋ ካላናገርሽው ይዋሽብሻል።»

ይቺን ንግግር ለሠላሳ ዓመት ያህል ይዣት ዞሬአለሁ። ያነሳሁትም ለዚህ ነው፦ ከጥቂት ዓመት በፊት ከመቶ ዓመት በላይ ርቆ፣ ፓሪስ ውስጥ፣ እንደ ጋሼ ቆሞ ጨርቅ ላይ የሚስልና ሁሉን በግራጫ የሚቀባ ሰው አገኘሁ። ቤን ካሬ ይባላል።

እንዴት እንዳገኘሁት ልናገር። እኔ የምሠራው ለማስታወቂያና ለድራማ የቀረጻ ቦታ ማዘጋጀት ነው፤ አርት ዳይሬክተር ይሉናል። ቤቱን ቀለም የምንቀባው፣ መጋረጃውን የምንመርጠው፣ ከመርካቶ የድሮ ሬዲዮ ፈልገን የምናመጣው እኛ ነን። አንድ ጊዜ ሦስት ወር የለፋሁበት ድራማ ተጠናቆ ሲተላለፍ ቤተሰቡን ሁሉ ቲቪ ፊት ሰብስቤ ቁጭ አልኩ። ስሞቹ መጡ። የሹፌሩም ስም አለ፣ የሻይ አቅራቢውም አለ፣ ይገባቸዋል። የኔ የለም። «ረስተን ነው» አሉኝ በኋላ። እንቅልፍ አጣሁ። በዚያ ሰሞን ሌሊት ሌሊት እየተነሳሁ፣ ይህን ሥራ ከሁሉም ቀድመው የሠሩት ሰዎች እነማን ነበሩ፣ የነሱስ ስም ተጽፏል ወይ እያልኩ ማንበብ ጀመርኩ። ንዴቱ ከሄደ ቆየ፤ ንባቡ ግን አልቆመም።

ካሬ በ1883 ፓሪስ ተወለደ። ዓመቶቹን ሁሉ በአውሮፓ አቆጣጠር ነው የምጽፈው። ሙያውን የተማረው አማብል በሚባል የቲያትር መድረክ ሰዓሊ የሥራ ቤት ውስጥ ነው። የዚያን ዘመን የፓሪስ ቲያትር የጨርቅ ዓለም ነበር። ጫካው ጨርቅ፣ ቤተ መንግሥቱ ጨርቅ፣ ባሕሩ ጨርቅ። ከአማብል ቤት የሚወጣው ሥራ ወደ ፓሪስ ኦፔራ፣ ኮሜዲ ፍራንሴዝ ወደሚባለው ቲያትር ቤት፣ ባሕር ተሻግሮም ለንደን ድረስ ይሄድ ነበር።

አሠራሩን ሳነብ ክው ብዬ ቀረሁ። የእንግሊዝ መድረክ ሰዓሊዎች ጨርቁን ግድግዳ ላይ አቁመው ነው የሚስሉት። ፈረንሳዮቹ ግን ወለሉ ላይ ያነጥፉታል። ቀለሙ ዱቄት ነው፣ ማያያዣው ደግሞ ከእንስሳ ቆዳ የተቀቀለ ትኩስ ኮላ። ሰዓሊው ቆሞ፣ እጀታው ረጅም የሆነ ብሩሽ ይዞ፣ ሥዕሉ ላይ እየተራመደ ይሠራል። ሙሉውን ለማየት ሲፈልግ ከላይ ወደተሠራ መተላለፊያ ይወጣና ቁልቁል ያያል። የጋሼ ቆርቆሮ ጣራ! ጋሼ ይህን ማንም አላስተማራቸውም። ጨርቁ ራሱ ነው ያስተማራቸው መሰለኝ፤ ትልቅ ጨርቅ የያዘ ሰው የትም ይሁን የት፣ ወይ ያቆመዋል ወይ ያነጥፈዋል፣ ካነጠፈው ደግሞ ከፍ ያለ ቦታ መፈለጉ አይቀርም።

በ1906 ገደማ ካሬ ጎሞን የሚባለው የፊልም ኩባንያ ገባ። ጎሞን በፓሪስ ሰሜን ምሥራቅ፣ ቡት ሾሞን በሚባለው ሰፈር፣ በ1905 አንድ ግዙፍ የመስታወት ቤት አሠርቶ ነበር። ጣራውም ግድግዳውም መስታወት ነው፤ ፊልም የሚቀረጸው በፀሐይ ስለነበር። በዘመኑ በዓለም ትልቁ ስቱዲዮ ይባል ነበር። አሊስ ጊ እዚያ ትሠራ ነበር፣ ታሪክ ከሚያውቃቸው ሴት የፊልም ዳይሬክተሮች የመጀመሪያዋ። ሉዊ ፌያድ የሚባለው ዳይሬክተርም እዚያ ነበር። የሥዕሉን ሥራ የሚመራው አንሪ ሜኔሲዬ ሲሆን፣ አሊስ ጊ በ1906 ለሠራችው የክርስቶስ ሕይወት ፊልም ብቻ ሃያ አምስት የሚሆን ልዩ ልዩ ትዕይንት ተዘጋጅቶ ነበር። ሃያ አምስት ትዕይንት ለአንድ ፊልም ዛሬም ቀላል ሥራ አይደለም፤ እኔ ሦስት ክፍል አዘጋጅቼ ወገቤን ይዤ የማድር ሰው ነኝና አውቀዋለሁ።

ታዲያ እዚያ መስታወት ቤት ውስጥ ሁሉ ነገር ግራጫ ነበር።

ምክንያቱ የፊልሙ ተፈጥሮ ነው። የዚያን ዘመን ፊልም ቀይን ጨርሶ አያይም ማለት ይቻላል። ቀይ ቀሚስ ጥቁር ሆኖ ይወጣል፣ ቀይ ከንፈርም እንደዚያው። ሰማያዊው ደግሞ ተቃራኒው ነው፤ ያማረ ሰማያዊ ሰማይ ብትስል ባዶ ነጭ ይሆንብሃል። በቲያትር ቤት ያደገ ሰዓሊ የለመደውን ቀለም ሁሉ ይዞ ቢመጣ ሥራው ስክሪኑ ላይ ይበላሻል። ሜልዬስ፣ ያ አስማተኛ ፊልም ሠሪ፣ በ1907 ስለ ሙያው ሲጽፍ ይህንኑ ይላል፦ መድረኩ መቀባት ያለበት ከነጭ እስከ ጥቁር ባለው ግራጫ ብቻ ነው። ስለዚህ ካሬም ጓደኞቹም ቀለማቸውን ረስተው እንደገና ተማሩ። ወርቅን በግራጫ፣ እሳትን በግራጫ፣ የጽጌረዳ አበባን በግራጫ። በሚገባው ቋንቋ ካላናገርሽው ይዋሽብሻል።

እነዚያን አጫጭር ፊልሞች ዛሬ ኢንተርኔት ላይ ማየት ይቻላል። ሳያቸው ዓይኔ የሚሄደው ወደ ግድግዳው ነው። ምድጃው ሥዕል ነው። የመስኮቱ ፍሬም ሥዕል ነው። መደርደሪያው፣ ላዩ ላይ ያሉት ሳህኖች፣ ሳህኖቹ የጣሉት ጥላ ሳይቀር ሥዕል ነው። ፊት ለፊት ያለው ወንበር ግን እውነተኛ ነው፣ ተዋናዩ መቀመጥ አለበታ። አንዳንዴ የተሳለው ጥላ ወደ ግራ ይወድቅና እውነተኛዋ ፀሐይ የወንበሩን ጥላ ወደ ቀኝ ትጥለዋለች። ተዋናዩ ተናዶ በሩን ዘግቶ ሲወጣ ግድግዳው በሙሉ እንደ ሸማ ይርገበገባል። ሰው ይሄን አይቶ ይስቃል። እኔ አልስቅም። ያ ርግብግቢት የሰዎቹ እጅ የሚታይበት ብቸኛው ቦታ ነው፤ ስማቸው የትም አልተጻፈማ። በዚያን ጊዜ የሚጻፈው የኩባንያው ምልክት ነው፤ ጎሞን የራሱን ምልክት መድረኩ ላይ ሳይቀር ያስቀምጥ ነበር፣ ማንም ኮፒ እንዳያደርግበት። የሰዓሊው ስም ግን ማንም ትዝ አላለውም። እኛ አገር አዲስ አበባ ላይ የመጀመሪያውን ሲኒማ ቤት ሰዉ «ሰይጣን ቤት» ብሎ የሰየመውም ያንን የሚንቀሳቀስ ነገር ከሰው እጅ የወጣ ነው ብሎ ማመን ስላቃተው ይመስለኛል።

በ1912 ካሬ ወደ አሜሪካ ሄደ። ኤክሌር የሚባለው ሌላ የፈረንሳይ ኩባንያ ከኒውዮርክ ማዶ፣ ኒው ጀርሲ ውስጥ ፎርት ሊ በምትባል ከተማ ስቱዲዮ ነበረው። ሆሊዉድ ገና ስሙ ባልገነነበት ጊዜ የአሜሪካ ፊልም ዋና ሰፈር ፎርት ሊ ነበረች። እዚያ በ1914 ሌላ ፈረንሳዊ መጣ፣ ሞሪስ ቱርነር የሚባል ዳይሬክተር። እንግዲህ የካሬ ሕይወት የተቀየረው እዚህ ላይ ነው። ቱርነር ከፊልም በፊት ሰዓሊ ነበር፣ ከቀራፂው ሮዳን ጋርም ሠርቷል፤ ስለዚህ ስለ ሥዕል ሲነጋገሩ ማስረዳት አያስፈልግም። ሁለቱ አብረው ከሠላሳ በላይ ፊልም ሠርተዋል። በሙያችን ይህ እንደ ጋብቻ ነው። ዳይሬክተሩ ግማሽ ዓረፍተ ነገር ሲጀምር አንተ የቀረውን ግማሽ የምትጨርስበት ዓይነት።

ከቱርነር ጋር ካሬ ጨርቁን ትቶ ቦታ መሥራት ጀመረ። ልዩነቱን በአጭሩ ላስረዳ። ጎሞን ቤት ተዋናዩ ከጨርቁ ፊት ነው የሚቆመው፤ እናቴና ጓደኛዋ እንደቆሙት። በቱርነር ፊልሞች ውስጥ ግን ከካሜራው አጠገብ፣ ከፊት፣ የጠቆረ ነገር አለ፦ የበር ቅስት፣ የዛፍ ቅርንጫፍ፣ ጀርባውን የሰጠ ሰው። ከሱ ባሻገር ብርሃን ያለበት ክፍል አለ፤ ከክፍሉ ባሻገር ሌላ በር፣ ከበሩ ባሻገር መንገድ። ዓይን ከጨለማው ጀምሮ ወደ ውስጥ ይገባል። እኔ ልጅ ሆኜ ደረጃውን ወጥቼ ልደርስበት የፈለግኩትን ሐይቅ፣ ካሬ ሰው እንዲደርስበት አድርጎ ሠራው ማለት ነው።

አንዱን ሥራውን ቀረብ ብለን እንየው። በ1917 ዝነኛዋ ተዋናይት ሜሪ ፒክፎርድ የአሥራ አንድ ዓመት ልጅ ሆና የምትጫወትበት ፊልም ነበር፤ ሀብታም ቤት ተወልዳ ፍቅር ያጣች ልጅ። ሜሪ ግን ሃያ አራት ዓመት ያለፋት ሴት ናት። ምን ይደረግ? ቤቱን አሳደጉት። ወንበሩ ከልኩ በላይ ትልቅ ነው። በሩ ረጅም ነው። አጠገቧ የሚቆሙት ተዋንያንም ቁመታቸው እየታየ ተመረጡ። ሜሪ ያ ወንበር ላይ ስትቀመጥ እግሯ መሬት አይነካም። ልጅ መሆኗን የሚያሳምነን ትወናዋ ብቻ አይደለም፣ እንጨቱ ነው። እዚህ ላይ የሚገርመኝ ግን ሌላ ነገር ነው። ወንበሩ ትልቅ በመሆኑ ልጅቷ ትንሽ ብቻ ሳትሆን ብቸኛም ትመስላለች። ቤቱ በላት። ታሪኩ ደግሞ ይሄው ነው፤ ሀብቱ በሞላበት ቤት ውስጥ የጠፋች ልጅ። አንድ ሰው በመለኪያ ሜትር ሐዘን ሠራ። ይህን ካየሁ ወዲህ ዕቃ ስመርጥ «ያምራል ወይ» ከማለቴ በፊት «ይሄ ዕቃ ለሰውየው ትልቅ ነው ትንሽ?» ብዬ እጠይቃለሁ።

በሚቀጥለው ዓመት፣ በ1918፣ ስለ ሰማያዊዋ ወፍ ያለውን ተረት ሠሩ። ሁለት ልጆች ደስታን የምታመጣ ወፍ ፍለጋ ይሄዳሉ። ያኔ ካሬ ቦታ መገንባቱን አሳምሮ ተምሯል፤ እዚህ ፊልም ላይ ግን ሆን ብሎ ወደ ሥዕሉ ተመለሰ። ኮረብታው የተቆረጠ ወረቀት ይመስላል። ቤተ መንግሥቱ ጥላ ብቻ ነው። እውነተኛ ለመምሰል የሚታገል ነገር የለም፤ ተረት ስለሆነ ተረት ይመስላል። ገበያ ላይ ከሰረ። ሰዉ ያኔ እውነተኛ የሚመስል ነገር ነበር የሚፈልገው። በ2004 አሜሪካኖች ለዘለዓለም እንዲጠበቁ ከመረጧቸው ፊልሞች መዝገብ ውስጥ አስገቡት፤ ካሬ ከሞተ ሃያ ስድስት ዓመት በኋላ። እኔ ከሥራዎቹ ሁሉ አብልጬ የምወደው እሱን ነው። ጨርቅ ጨርቅነቱን ያልደበቀበት ፊልም ነው።

ከዚያ በኋላ ካሊፎርኒያ ሄደ፣ ከቱርነርም ተለያዩ። የ1920ዎቹን ሥራዎች ሁሉ አልዘረዝርም። ኒስ ሄዶ በገዛ አገሩ ለአሜሪካኖች ሠርቷል፣ በ1926 ዶን ህዋን የተባለውን ትልቅ ፊልም ሠርቷል፤ ሙዚቃው ከምስሉ ጋር አብሮ የተቀረጸለት የመጀመሪያው ረጅም ፊልም ነው። አንዱን ግን ማለፍ አልችልም።

የፓሪስ ኦፔራ ቤት ሲገነባ መሠረቱ ውስጥ ውሃ ወጥቶ አስቸግሮ ነበር። አርክቴክቱ ሻርል ጋርኒዬ ውሃውን ተጭኖ የሚይዝ ትልቅ የድንጋይ ገንዳ ከሥሩ አሠራ። ገንዳው ዛሬም አለ፣ የፓሪስ እሳት አደጋ ሠራተኞች ጨለማ ውስጥ ዋና የሚለማመዱት እዚያ ነው። በዚያ ውሃ ላይ ተረት ተወለደ፣ ከኦፔራው ሥር ስለሚኖር ፊቱን የሸፈነ ሰው። በ1924 ሆሊዉድ ላይ ዩኒቨርሳል የሚባለው ስቱዲዮ ይህን ታሪክ ሊቀርጽ ሲነሳ ከመሬት በታች ያለውን ዓለም ማን ይሳለው? ካሬ በወጣትነቱ የኦፔራው ጨርቅ ላይ ሲሠራ ቤቱን ያውቀዋል። ሊፍቱን፣ ገመዱን፣ ከመድረኩ ሥር ያሉትን ፎቆች፣ ጨለማውን ያውቀዋል። ስለዚህ ተቀምጦ ከትዝታው ሣለ። ቅስቶቹን፣ ጠመዝማዛውን ደረጃ፣ ጥቁሩን ውሃ። ስቱዲዮው ውስጥ የተገነባው የኦፔራ አዳራሽ ብረትና ኮንክሪት ስለነበረ ዘጠና ዓመት ያህል ቆሞ ቆይቶ፣ ያለበት ቤት የፈረሰው በ2014 ነው።

ይህን ሳስብ ልቤ ይነካል። ሰውየው አርባ ዓመት ሞልቶታል፣ ውቅያኖስ ተሻግሯል፣ ቋንቋ ቀይሯል። አሠሪዎቹ ግን የፈለጉት ገና ጎረምሳ ሳለ ብሩሽ ይዞ ሲወጣና ሲወርድ ያየውን ነገር ነው። ሰው ከአገሩ ሲወጣ ይዞት የሚሄደው ሻንጣ ውስጥ ያለውን ብቻ አይደለም።

አሁን ወደሚከነክነኝ ነገር ልምጣ። በ1930ዎቹ መጨረሻ ላይ፣ ሃምሳውን ካለፈ በኋላ፣ ካሬ አርት ዳይሬክተርነቱን ትቶ ኤም ጂ ኤም ስቱዲዮ ውስጥ ወደ ባክግራውንድ ሥዕል ክፍል ገባ። ተራ ሰዓሊ ሆነ። ከሠላሳ ዓመት በፊት ወደጀመረበት ነገር፣ ወደ ጨርቁ፣ ተመለሰ። ይህን ታሪክ ለአንድ የሥራ ባልደረባዬ ስነግረው «አይ፣ ወረደ በለኛ!» አለ። በጣም አናደደኝ። ለምን እንደሆነ ያኔ ማስረዳት አልቻልኩም፣ አሁን ልሞክር።

ያ ክፍል ምን ዓይነት እንደነበር እዩት። ጨርቁ እዚያ ወለል ላይ አይነጠፍም፤ ግዙፍ ፍሬም ላይ ተወጥሮ ይቆማል፣ ሰዓሊው ከፍና ዝቅ ማለት ሲፈልግ ፍሬሙ ራሱ በወለሉ ክፍተት ውስጥ ይወርዳል ይወጣል። ብዙ ሰዓሊ አንድ ጨርቅ ላይ ይሠራል። ጥበቡ ደግሞ የአንዱ እጅ ከሌላው እንዳይለይ ማድረግ ነው። በ1939 የወጣውን «የኦዙ ጠንቋይ» የተባለ ፊልም ያየ ሰው ቢጫው የጡብ መንገድ እየተጠማዘዘ ወደ አረንጓዴው ከተማ ሲሄድ ያስታውሳል። መንገዱ የተወሰነ ሜትር ብቻ ነው የተገነባው። የቀረው ሥዕል ነው። ካሬ ከሠሩት ሰዓሊዎች አንዱ ነበር። በ1959 ለወጣ አንድ ፊልም ደግሞ ያ ክፍል ትልቅ ፈተና መጣለት። ዳይሬክተሩ ሂችኮክ ሰዎች ራሽሞር ተራራ ላይ፣ እዚያ በተቀረጸው የአሜሪካ ፕሬዚዳንቶች የድንጋይ ፊት ላይ ሲሯሯጡ መቅረጽ ፈለገ። የመንግሥት ፓርክ ስለሆነ አልተፈቀደለትም። ተራራው ስቱዲዮ ውስጥ ተሳለ። ሚሊዮኖች አይተው ተራራው ጋ የሄዱ መስሏቸው ወጡ።

ታዲያ ይሄ መውረድ ነው? አርት ዳይሬክተር ስብሰባ ይገባል፣ በጀት ይከራከራል፣ ከፕሮዲዩሰር ጋር ይጨቃጨቃል፤ ቀኑ መሽቶ ብሩሽ ሳይነካ ያድራል። እኔ ራሴ ካለፈው ዓመት ወዲህ በእጄ አንድም ነገር አልቀባሁም። ስልክ ነው የማነሳው። ካሬ ግን በስልሳና በሰባ ዓመቱ ጠዋት ተነስቶ ሰማይ ሊስል ይሄድ ነበር። ወጣት ሳለ በግራጫ የሳለውን ሰማይ በስተርጅና፣ ፊልም ቀለም ማየት ከተማረ በኋላ፣ በሰማያዊ ሳለው። እንዲህ ዓይነት ዕድሜ ስንት ሰው ያገኛል? በ1978 ሳንታ ሞኒካ ውስጥ ሲሞት ዘጠና አራት ዓመቱ ነበር። ከመስታወቱ ቤት እስከ ባለቀለሙ ስክሪን ያለውን ጊዜ ሁሉ በአንድ ሙያ አልፎበታል። ስሙ ኤም ጂ ኤም ውስጥ በሠራባቸው ፊልሞች ላይ አይወጣም ነበር፤ የሰዓሊዎቹ ስም አይጻፍም። ይሄ ግን ትክክል ነው አልልም። አይደለም። የሠራ ሰው ስሙ ይጻፍ። ካሬን ያላዋረደው ነገር ግን የስሙን መጻፍ አለመጻፍ የሚወስኑት ሰዎች እጅ ውስጥ አልነበረም።

ባለፈው መስከረም ደሴ ሄጄ ጋሼን ጠየቅኳቸው። ዕድሜያቸው ገፍቷል፣ ዓይናቸው ግን ደህና ነው። ባለቀለም ፊልም ሲመጣ ፎቶ ቤቶቹ የድሮውን ጨርቅ መልሰውላቸው ነበር፣ ግራጫ ሐይቅ ማን ይፈልጋል። እሳቸው ጥቂት ዓመት በቀለም ሳሉ፤ ከዚያ ከውጭ የታተመ ፖስተር መጣ፣ ከዚያ ዲጂታል መጣ፣ ሥራው ቆመ። ከጨርቆቹ አንዱ ብቻ ቀርቷል። ጤፍ ሲሰጣ ከሥር እናነጥፈዋለን አሉኝ። አውጥተን ግቢው ውስጥ ዘረጋነው። ደረጃው ለቋል፣ ተራራው ግን አለ። ጥጉ ላይ፣ ካሜራው የማያየው ቦታ ላይ፣ የሰው ባዶ እግር ግራጫ ቀለም ረግጦ ያተመው አንድ ምልክት አለ። አምስቱም ጣት ይለያል። ጎንበስ ብዬ እጄን አሳረፍኩበት።

ማታ ቡና እየተፈላ ስለ ካሬ ነገርኳቸው። ወለል ላይ እንደሚስል፣ ከፍ ብሎ እንደሚያይ፣ ሁሉን በግራጫ እንደሚቀባ። ዝም ብለው ሰሙኝ። «ጫማውን ያወልቃል?» ብለው ብቻ ጠየቁኝ። ከዚያ ስልኬን አውጥቼ ቢጫው መንገድ ወደ አረንጓዴው ከተማ የሚሄድበትን ምስል አሳየኋቸው፤ የትኛው እንደተሠራ የትኛው እንደተሳለ ሳልነግራቸው። መነጽራቸውን አደረጉ። ስልኩን ወደ መብራቱ አስጠጉት። በሁለት ጣታቸው ምስሉን አሳደጉት፣ መንገዱን ተከትለው ወደ ላይ ሄዱ፣ አንድ ቦታ ላይ ቆሙ። ጣታቸውን አሳረፉበት።

«እዚህ ጋ ነው ጨርቁ የሚጀምረው» አሉ። ከዚያ ለረጅም ጊዜ አዩትና፣ «ጎበዝ ነው። ስፌቱን ሣር ውስጥ ደብቆታል።»